“ሰጡ” ያለውን “ሰጠ” ብዬ ጻፍሁ

ጡረታ ስወጣ ለተተኪዬ ያስረከብሁት ሦስት ነገር ነው፤ የመዝገብ ቤቱን ቁልፍ፣ ማኅተሙንና የጣት አሻራ ቀለሙን። ቀለሙን ስትቀበለኝ ሳቅ አለች።

“አዴ ዘሀራ፣ ይሄ እኮ ከእንግዲህ ብዙም አያስፈልገንም። ድምፅ መቅጃው መጥቷል።”

እውነቷን ነው። አሁን ከሚሴ ፍርድ ቤት ምስክር ሲናገር ቃሉን መሣሪያ ይይዘዋል። እኔ በሠራሁበት ዘመን ግን ቃሉን የሚይዘው የጸሐፊ እጅ ነበር። ሥራዬን አውቀው ነበር፤ ይህን ለማለት አላፍርም። ነገር ግን እጄ አንድ ጊዜ ስቶ ሰው ከሥራው አስወጥቷል። መሣሪያው ሲገባ ያሰብሁት ያንን ነው፤ እሱንም ሳልጽፍ ብቀር ሌላው ሁሉ ጉራ ይሆናል።

አሥራ ሁለተኛ ክፍል ጨርሼ ደሴ የጽሕፈት መኪና ተምሬ ተመለስሁ። በሰባዎቹ አጋማሽ በጨፋ ሜዳ ላይ እርሻ ያለው አንድ ድርጅት ቀጠረኝ። ስሙን አልጠራም፤ የሠሩበት ሰዎች ዛሬም አሉ። ደመወዙ ትንሽ ነበር፤ ቢሆንም በወሩ ይደርሳል። ሁለት ዓመት ደብዳቤ ስተይብ ቆይቼ የዲሲፕሊን ኮሚቴ ጸሐፊ ሁኚ ተባልሁ። የተመረጥሁት ሌላ ሰው ስላልፈለገው ነው። የኮሚቴ ጸሐፊ የሆነ ሰው ሰርግ ላይ የሚቀመጥበት ጎን ያጣል ይባል ነበር።

አንድ ሠራተኛ ጥፋት አጥፍቷል ሲባል ጉዳዩ እስኪጣራ ከሥራ ይታገዳል። መታወቂያው ይወሰዳል። በገዛ መሥሪያ ቤቱ በር ላይ ስሙን አስመዝግቦ እንደ እንግዳ ይገባል። ትናንት አብሮት ቁርስ የበላ ሰው ግቢ ውስጥ ሲያየው መንገድ ይቀይራል። ኮሚቴው ክሱን ይሰማል፣ ምስክር ይሰማል፣ ማስጠንቀቂያ ይጻፍበት ወይም ይሰናበት ብሎ ለሥራ አስኪያጁ ያቀርባል። የተሰናበተው ሰው ፍርድ ቤት መሄድ ይችላል። እዚያ የሚሄደው ግን ሰውየው ብቻ አይደለም፤ እኔ የጻፍሁት መዝገብም አብሮት ይሄዳል።

ሥራውን ያስተማሩኝ የኮሚቴው ሰብሳቢ አቶ ሙሄ ናቸው። የንብረት ክፍል ኃላፊ ነበሩ፤ ቀጭን፣ ኮፍያቸው ከራሳቸው የማይወርድ፣ በቀን ከሃያ ቃል በላይ የማይናገሩ ሰው። የኮሚቴው ስብሰባ ሊጀመር ሲል መጀመሪያ የሚያዩት ወንበር ነው። እኛ የተቀመጥንበት ዓይነት ወንበር ለተከሳሹ ከሌለ ስብሰባው አይጀመርም።

“ከሥራ ታገደ እንጂ ከወንበር አልታገደም” ይላሉ።

ቀጥሎ ከሳሹን አለቃ ያስወጣሉ። አለቃው ቅር ቢለውም “ቃልዎን ሰጥተዋል፤ እንግዲህ ሻይ ይጠጡ” ብለው በሩን ራሳቸው ይዘጋሉ። ከዚያ ተከሳሹን “ክሱ ደርሶሃል?” አይሉትም። “ክሱ ምን ይላል? ንገረኝ” ነው የሚሉት። በራሱ አፍ መልሶ መናገር ካልቻለ አልደረሰውም ማለት ነው ብለው ቀን ይቀይሩለታል።

ለእኔ የሰጡኝ ደብተር ሲገለጥ ሁለቱ ገጾቹ የተለያየ ሥራ ነበራቸው። በቀኙ በኩል ምስክሩ የተናገረውን እንደ ወጣው እጽፋለሁ። አማርኛ ከሆነ በአማርኛ፣ ኦሮምኛ ከቀላቀለም እንደ ቀላቀለው። በግራው በኩል ለቃለ ጉባኤ የሚሆነውን አስተካክላለሁ። ሲያበቃ ለምስክሩ አነብለታለሁ። አቶ ሙሄ የብዕራቸውን ክዳን ገጥመው “እንደ ወጣው ነው?” ብለው ይጠይቁታል። ምስክሩ “እንደ ወጣው ነው” ካላለ ክዳኑ አይከፈትም፤ አይፈርሙም።

አንድ ጊዜ አንድ ምስክር ስለ ትራክተር ነጂ ተናግሮ አነበብሁለት። “መርቅኖ ነበር” የሚለው ላይ ስደርስ ዘለለ።

“መርቅኖስ አላልሁም፤ ቅሞ ነው ያልሁት።”

“ልዩነት አለው?” አሉ አቶ ሙሄ።

“እንዴት የለው! የመረቀነ ሰው ትራክተር አይነዳም። የቃመማ ማን አለ ያልቃመ? አንቱም ቅመዋል።”

አቶ ሙሄ ወደ እኔ ዞሩ። “ዘሀራ፣ ‘ሰብሳቢውም ቅሟል’ ብለሽ ጨምሪ።”

ከልባቸው ነበር። ጨመርሁት። የደብተሩን ቀኝ ገጽ ሳየው “መርቅኖ” የሚል የለም፤ ወደ ግራ ሳሻግረው ያመጣሁት እኔ ነበርሁ። ነጂው በማስጠንቀቂያ ሥራው ላይ ቀረ።

ሌላ ሠራተኛ ተሰናብቶ ፍርድ ቤት ሲከስሰን መዝገቡን ይዤ የሄድሁት እኔ ነበርሁ። ዳኛው አገላብጠው ካዩት በኋላ ያሉት እስከ ዛሬ ይጠቅመኛል። ፍርድ ቤት የኮሚቴውን ሥራ ከአዲስ አይሠራም፤ ሦስት ነገር ይጠይቃል እንጂ። ሰውየው ተሰምቷል ወይ? ምስክር በፊቱ ተሰምቷል ወይ? የተጻፈው የተባለው ነው ወይ? የዚያን ቀን ለሦስቱም መልስ ነበረን። ስንብቱ ጸና። ከአቶ ሙሄ ጋር በሠራሁባቸው ዓመታት በአሠራር ጉድለት የተሻረብን መዝገብ የለም። ስመለስ ነገርኋቸው። “ጥሩ” ብለው ወደ መጋዘናቸው ገቡ።

በዘጠናዎቹ መጀመሪያ አቶ ሙሄ ጡረታ ወጥተው አገራቸው ሰንበቴ ገቡ። በምትካቸው የተመደበው ሰብሳቢ ወጣት ነበር፤ ኮሌጅ የጨረሰ፣ ከሌላ አካባቢ የመጣ፣ ፈጣን ሰው። ክፉ አልነበረም። ሥራ ሲያድር አይወድም ነበር። የመጀመሪያ ቃለ ጉባኤዬን አይቶ መልሶ ሰጠኝ።

“ወይዘሮ ዘሀራ፣ በመዝገብ ላይ አንቱታ የለም። ‘ሄዱ፣ መጡ’ ምንድን ነው? የፍርድ ቤት መዝገብ አይተው አያውቁም? ሁሉም ሰው ‘ሄደ፣ መጣ’ ነው።”

አይቼ አውቃለሁ። እንዳለው ነው፤ በመዝገብ ላይ ሽማግሌውም ሕፃኑም “እሱ” ነው። ስለዚህ ተቀበልሁት። የቀኙን ገጽ እንደ ልማዴ እጽፋለሁ፤ ወደ ግራ ሳሻግር አንቱታውን ሁሉ አጠፋለሁ።

ከዚያ የከድር ጉዳይ መጣ።

ከድር የውኃ መሳቢያ ሞተር ሠራተኛ ነበር። ሃያ አምስት ዓመት ቢሆነው ነው። ጨፋ ሮቢት ያሉትን ሞተሮች ድምፃቸውን ሰምቶ የትኛው እንደታመመ የሚናገር ልጅ ነው። አንድ ሞተር ከመጋዘን ጠፍቶ ከቀናት በኋላ አንድ ባለሀብት ማሳ ላይ ውኃ ሲስብ ተገኘ። የመጋዘኑ ቁልፍ ሁለት ነው፤ አንዱ ሥራ አስኪያጁ ዘንድ፣ ሌላው ከድር ዘንድ። ሥራ አስኪያጁ ክስ ጻፉ፤ ከድር ታገደ። ኒካው ሊታሰር ሁለት ወር ቀርቶት ነበር። የእጮኛው ቤተሰብ ሽማግሌ ልከው “ነገሩ እስኪጠራ ይቆይ” አሉ። ከድር ከሥራው በላይ የፈራው ይህን እንደነበር ግቢው ሁሉ ያውቃል።

ሞተሩ ሲወጣ ያዩት የበር ጠባቂው አባ ዳውድ ብቻ ናቸው። ቅዳሜ ረፋድ ላይ ለምስክርነት ተጠሩ። አዲሱ ሰብሳቢ “ምስክሩ እንዳይፈራ” ብሎ ከድርን ውጪ አቆመው። ወንበርም አልወጣለትም፤ በመስኮቱ በኩል ትከሻው ይታየኝ ነበር። ሥራ አስኪያጁ ግን ጥግ ላይ ተቀምጠው ነበር። ውጡ ያላቸው የለም። እኔም አላልሁም።

“ሞተሩ ሲወጣ አይተዋል?” አለ ሰብሳቢው።

“አይቻለሁ” አሉ አባ ዳውድ። ዓይናቸው መሬት ላይ ነው። “አኒ ህን ሶቡ፣ አልዋሽም። ከአስር ሶላት በኋላ ነው። መጡ፤ መጋዘኑን ከፈቱ፤ ሞተሩን አውጥተው ሰጡ። እኔ በሩን ከፈትሁ። ይኸው ነው።”

“መኪና ነበረ?”

“ነበረ።”

“በቃ፣ ይበቃል” አለ ሰብሳቢው።

በቀኙ ገጽ ላይ “መጡ፣ ከፈቱ፣ አውጥተው ሰጡ” ብዬ ጻፍሁ። በግራው ገጽ ላይ “መጣ፣ ከፈተ፣ አውጥቶ ሰጠ” አልሁ። ክሱ በከድር ላይ ነው፤ “እሱ” ሲባል ያው ከድር ነው። ቅዳሜ ግማሽ ቀን ስለምንሠራ ሰርቪሱ በር ላይ ቆሞ ጥሩምባውን ይነፋል። አባ ዳውድ ማንበብ አይችሉም። ጣታቸውን ያዝሁላቸው፤ ቀለሙ ውስጥ ነክሬ ወረቀቱ ላይ አሳረፍሁት። አላነበብሁላቸውም። ሰርቪስ ላይ ወጣሁ።

ልብ አላልሁም ነበር ብል እዋሻለሁ። “ሰጠ” የሚለውን ስጽፍ እጄ ቆም ብሎ ነበር።

ኮሚቴው ይሰናበት አለ። ደብዳቤውን የተየብሁት እኔ ነኝ። ከድር ሊቀበል ሲመጣ በመዝገቡ ላይ ፈርሞ ቆመ።

“አዴ ዘሀራ፣ እስቲ ንገሪኝ። አባ ዳውድ ምን አሉ?”

“መዝገቡ ላይ አለ” አልሁት።

“አባ ዳውድ በእኔ ላይ እንዲያ አይሉም። አንቺም ታውቂያቸዋለሽ።”

ደብዳቤውን አቀበልሁት። ከድር ድርጅቱን ከሰሰ። ፍርድ ቤቱም የምርመራው መዝገብ በሙሉ ተገልብጦ ይቅረብ ብሎ አዘዘ። ግልባጩን ለማመሳከር ደብተሩን ከፈትሁ። ቀኙንና ግራውን ገጽ ጎን ለጎን ሳያቸው ጣቴ “ሰጡ” ላይ ቀረ። አባ ዳውድ ስልሳ ያለፋቸው ሰው ናቸው። ከድርን ልጅ ሆኖ ያውቁታል። በር ላይ ሲያልፍ “አንተ ዘንጣፋ፣ ጫማህን ጥረግ!” የሚሉት እሳቸው ናቸው። ለእሱ “ሰጡ” አይሉም። “ሰጡ” የሚሏቸው ሰው ያን ቅዳሜ ጥግ ላይ ተቀምጠው ነበር።

ለሰብሳቢው ደብተሩን አሳየሁት።

“ይሄ ረቂቅ ነው” አለ። “ረቂቅ አይላክም። የሚላከው የተፈረመበት ነው።”

እሑድ ሰንበቴ ወረድሁ። የገበያው ቀን ስለነበር ከቆላ የመጣው ግመል፣ ከደጋ የመጣው በሬ መንገዱን ሞልቶታል። አቶ ሙሄ ከልጃቸው የእህል ሱቅ ፊት ለፊት ተቀምጠው አገኘኋቸው።

“አከም ቡልቴ፣ ደህና አደርሽ ዘሀራ። ደብተር ይዘሽ ገበያ ትመጫለሽ?”

ሰጠኋቸው። መነጽራቸውን አድርገው ሁለቱንም ገጽ አነበቡ። ክዳን የሚገጥሙት ብዕር አልነበራቸውም፤ ደብተሩን ዘጉት።

“ለዳውድ አነበብሽለት?”

“አላነበብሁም።”

“እንግዲያ ይሄ የግራው ቃል የዳውድ አይደለም። ያንቺ ነው። ምስክሯ አንቺ ነሽ።”

“ምን ላድርግ?”

“ምስክር ምን ያደርጋል?” አሉና የአንድ ገበሬ ማሽላ በመዳፋቸው ዘግነው ያዩ ጀመር። ምሳ ቀረበልኝ፤ በላሁ፤ ተመለስሁ።

ሰኞ ጠዋት አንድ ገጽ ማስታወሻ ጽፌ ደብተሩን ከግልባጩ ጋር አያያዝሁት። ለሰብሳቢው አሳየሁት።

“እንጀራዎን ይዘጋሉ” አለኝ።

“ሳይሰሙ እንዳይቀሩ ነግሬዎት ልላከው ብዬ ነው እንጂ ፈቃድ ልጠይቅ አይደለም” አልሁት።

በቀጠሮው ቀን ችሎቱ ሞላ። ዳኛው አማርኛውንም ኦሮምኛውንም አጥርተው የሚያውቁ፣ ድምፃቸው ዝግ ያለ ሰው ነበሩ። አባ ዳውድንና እኔን አስጠሩ። የድርጅቱ ነገረ ፈጅ ተነሣ።

“ክቡር ፍርድ ቤት፣ ‘ሰጡ’ ማለት አክብሮት ብቻ አይደለም፤ ብዙ ሰዎች ማለትም ነው። ከሳሽ ከድር ከግብረ አበሮቹ ጋር መጥቶ ሊሆን ይችላል።”

አልሳተም፤ ቋንቋችን እንዲያ ነው። ዳኛው ወደ አባ ዳውድ ዞሩ።

“አባ ዳውድ፣ መጋዘኑን ሊከፍት የመጣው ስንት ሰው ነው?”

“አንድ።”

“አንድ ከሆነ ለምን ‘ሰጡ’ አሉ?”

“ትልቅ ሰው ናቸዋ።”

“ከድርስ ትልቅ ሰው አይደለም?”

አባ ዳውድ ለመጀመሪያ ጊዜ ቀና አሉ። “ከድር? ይሄ? ወላሂ ‘ከድር ሰጡ’ ብል ጨፋ ሮቢት በሙሉ ይስቅብኛል።”

ችሎቱ ሳቀ። ከድር አልሳቀም።

“እንግዲያ ማን ናቸው?”

“ያን ቅዳሜ እዚያው ተቀምጠው ነበር” አሉ አባ ዳውድ በመጨረሻ። “ቤቱ ውስጥ ‘አንቱ’ የምለው ወንድ ሁለት ነበር። አንዱ ጠያቂው፤ አንዱ እሳቸው፣ ሥራ አስኪያጁ።”

“ያኔ ስማቸውን ለምን አልጠሩም?”

“የጠየቀኝ የለማ። እኔማ ተናግሬያለሁ ብዬ ነው ቤቴ የገባሁት።”

ዳኛው ወደ እኔ ዞሩ። “ቃላቸውን አንብበሽላቸዋል?”

“አላነበብሁም።”

“ለምን?”

“ሰርቪስ ይጠብቀን ነበር።”

ከዚያ ቀን ወዲህ ከዚህ የተሻለ መልስ ብዙ ጊዜ ፈልጌያለሁ። የለም።

ፍርዱ አጭር ነበር። በኮሚቴው ፊት ተከሳሹ ውጪ ቆሞ ከሳሹ ውስጥ ተቀምጦ የተሰማ ምስክር፣ ለምስክሩ ያልተነበበና ከተናገረው የተለየ ቃል ሰው ለማሰናበት አይበቃም፤ ስንብቱ ተሽሯል፤ ከድር ወደ ሥራው ይመለስ አለ። ከድር ተመለሰ። ነገር ግን ክርክሩ ዓመት አልፎት ነበርና ቤተሰቦቿ ልጅቱን ለሌላ ድረዋታል። እሱም ሁለት ወር ሠርቶ ለቀቀ። በለቀቀ ቀን መታወቂያውን ያስረከበው ለእኔ ነው።

“ይቀበሉኝ፣ ወይዘሮ” አለኝ።

እስከዚያ ቀን “አዴ”ና “አንቺ” ነበርሁ፤ እንደ ታላቅ እህት። “ይቀበሉኝ” ሲለኝ ምን እንደወሰደብኝ አወቅሁ። ሌሎች ሰዎች አከበረሽ ይሉ ነበር።

ሥራ አስኪያጁ ከዚያ ወዲህ ብዙ አልቆዩም። እኔን ግን ከመሄዳቸው በፊት ወደ ሩቁ እርሻ የዘር መጋዘን አዛወሩኝ። አንድ ዓመት ከምናምን ከረጢት ቆጠርሁ። ፍርድ ቤቱ የችሎት ጸሐፊ ሲፈልግ ተወዳድሬ ገባሁ። ዕድሜዬ ገፍቶ ሳለ ቁቤ ተማርሁ፤ የኦሮምኛውን ቃል በራሱ ፊደል ለመጻፍ። ቀስ በቀስ ሬጅስትራር ሆንሁ፤ እንዲያም ሆኖ ጸሐፊ ሲጎድል ችሎት እገባ ነበር። በእነዚያ ሁሉ ዓመታት ሳላነብለት የፈረመ ምስክር የለም። “ሰጡ” ሲባል “ማን ናቸው?” ብዬ በዳኛው በኩል አስጠይቄ ስሙን እጽፋለሁ፤ አንቱታውንም አላጠፋም። የቸኮለ ዳኛ “ወይዘሮ ዘሀራ፣ ቀኑ መሸ” ሲለኝ “ይምሽ” እለው ነበር። በኋላ በኋላ እነሱም ለመዱት። አንዱ እንዲያውም ለአዲስ ጸሐፊዎች “መጀመሪያ ከእሷ ጋር ወር ተቀመጡ” ይል ነበር።

ጡረታዬ ሊደርስ ጥቂት ወራት ሲቀሩት የአንድ የታገደ የወፍጮ ሠራተኛ ጉዳይ ቀረበ። ጸሐፊዋ ወልዳ ስለነበር ችሎት የገባሁት እኔ ነኝ። ምስክር ሲጠራ ከድር ገባ። ባቲ ሞተር ይጠግናል፤ ጠጉሩ ሸብቷል፤ የልጆች አባት መሆኑን ሰምቻለሁ። አየኝ። ጭንቅላቱን ዝቅ አድርጎ ሰላምታ ሰጠ።

መሰከረ። ጻፍሁ። ሲያበቃ ወረቀቱን አቀረብሁለት። ማንበብ ያውቃል፤ ግን አልተቀበለኝም።

“ያንብቡልኝ” አለ።

አነበብሁ። ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው፣ ሳልቸኩል። አንድ ቦታ ላይ ስለ ወፍጮው ባለቤት “ነገሩኝ” ብሎ ነበር፤ “ነገሩኝ” ብዬ ጽፌዋለሁ፤ አጠገቡ ስማቸው አለ። እዚያ ላይ ስደርስ ዓይኑን ከወለሉ አንሥቶ ወረቀቱን አየ። ጨረስሁ።

“እንደ ወጣው ነው?” አልሁት።

ወረቀቱን ወደ ራሱ ሳበ።

“እንደ ወጣው ነው፣ አዴ ዘሀራ። ብዕርሽን አምጪው።”

“አምጪው” ነው ያለኝ፤ “ያምጡት” አላለም። እዚህም የጻፍሁት እንደ ወጣው ነው።